ክብሪት፣ ጸበልና ክኒን

በአውቶቡስ ፌርማታ ወይም በገበያ መሐል አንድ ሰው ድንገት ሲወድቅ የሚሆነውን አብዛኛው የአገራችን ሰው አይቶታል። ሰውነቱ ይገተራል፣ ይንቀጠቀጣል፣ ከአፉ አረፋ ይወጣል። ከበው ከሚያዩት አንዱ «ክብሪት፣ ክብሪት!» እያለ ይጣራል፤ ክብሪቱም ተጭሮ ጭሱ ወደ ወደቀው ሰው አፍንጫ ይቀርባል። ሌላው «እንዳትነኩት!» ብሎ ያስጠነቅቃል፤ አረፋው የነካውን ሰው በሽታው ይጋባበታል ተብሎ ይፈራል። አንዲት እናት ያማትባሉ፣ ጎናቸው የቆመው «አዑዙ ቢላህ» ይላል። ጥቂት ቆይቶ መንቀጥቀጡ ይበርድና ሰውየው በረጅሙ ይተነፍሳል፤ ክብሪት የጫረውም «አላልኳችሁም?» ይላል። የሚጥል በሽታ መንቀጥቀጥ ብዙውን ጊዜ ማንም ምንም ሳያደርግ በሁለትና በሦስት ደቂቃ ውስጥ በራሱ የሚቆም መሆኑን በዚያ ሰዓት የሚያነሣ የለም። ክብሪት ተፈልጎ፣ ተገኝቶ፣ ተጭሮ እስኪደርስ ድረስ መንቀጥቀጡ ወደ ማብቂያው ተቃርቧል፤ ስለዚህ ክብሪት ሁልጊዜ «ይሠራል»።

ስለ ሃይማኖትና ስለ ሕክምና በአገራችን የሚደረገው ክርክር ሁለት ወገን ብቻ ያለው ይመስላል። አንደኛው ወገን ጸበል የሚሄደውን፣ ዱዓ የሚያስደርገውን፣ ፓስተር ዘንድ የሚሮጠውን ሁሉ ኋላ ቀር ይለዋል፤ ሁለተኛው ደግሞ ክኒን የሚውጠውን እምነት የጎደለው አድርጎ ያየዋል። ክብሪት የጫረው ሰው ግን በዚያች ደቂቃ የፈጸመው ስሕተት ከሃይማኖትም ከሕክምናም የመጣ አይደለም። አንድ ነገር ከሌላው በኋላ ስለ መጣ በእርሱ ምክንያት መጣ ብሎ ደመደመ። ይህ የማስረጃ አመዛዘን ጉድለት ነው፤ እሱን የማረም ሥራ ደግሞ ድሮም የፍልስፍና ነው፣ ዛሬም የትምህርት ቤት መሆን ነበረበት። የዚህ ጽሑፍ ክርክር ይህ ነው፦ በሃይማኖትና በሕክምና መካከል ታማሚው የሚደቅቀው ሁለቱ አብረው ስለሚኖሩ ሳይሆን፣ «የዳነው በምንድን ነው? እንዴትስ አወቅን?» ብሎ የሚጠይቅ ሦስተኛ ወገን በመካከላቸው ስለጠፋ ነው። ነገሩን በጥቅሉ ከማውራት ይልቅ በአንድ በሽታ፣ በዚሁ በሚጥል በሽታ፣ ላይ ማየት ይሻላል፤ የሐኪሙም፣ የቄሱና የሼኹም፣ የመምህሩም፣ የጎረቤቱም እጅ ያለበት ሌላ እንዲህ ያለ በሽታ ማግኘት ያስቸግራል።

በዓለም ላይ ወደ 50 ሚሊዮን የሚሆን ሰው ከዚህ በሽታ ጋር ይኖራል፤ ከእነዚህም 80 በመቶ የሚጠጋው እንደኛ ባሉ ዝቅተኛና መካከለኛ ገቢ ባላቸው አገሮች ያለ ነው። በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. በፕሮፌሰር ረዳ ተክለ ሃይማኖት መሪነት በቡታጅራ አካባቢ ከ60,000 በላይ ሕዝብ ላይ የተደረገው ጥናት ከ1,000 ሰው አምስት ያህሉ በሽታው እንዳለበት አሳይቷል፤ ከታማሚዎቹም አብዛኞቹ የበሽታውን መድኃኒት ቀምሰው አያውቁም ነበር። መንስኤው ብዙ ነው፦ በወሊድ ጊዜ በሕፃኑ አንጎል ላይ የሚደርስ ጉዳት፣ ማጅራት ገትር፣ የጭንቅላት አደጋ፣ አንዳንዴም የማይታወቅ ምክንያት። መንቀጥቀጡ የአንጎል ሕዋሳት ከልክ ያለፈ የኤሌክትሪክ ምልክት በአንድ ጊዜ ሲለቁ የሚመጣ ነው። ከሰው ወደ ሰው አይተላለፍም። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው በአግባቡ ቢመረመሩና ቢታከሙ እስከ 70 በመቶ የሚሆኑት ታማሚዎች ሳይወድቁ መኖር ይችሉ ነበር። ለዚህ የሚሆነው ፌኖባርቢታል የተባለው ርካሽ መድኃኒት ከ1912 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አለ፤ ከመቶ ዓመት በላይ ማለት ነው። መድኃኒቱ እያለ ሰው ለምን በምድጃ ላይ እየወደቀ ይቃጠላል? በከፊል መድኃኒቱ በየጤና ጣቢያው ሁልጊዜ ስለማይገኝ ነው፤ ይህን ሳያነሡ ጥፋቱን ሁሉ በጸበል ላይ መደፍደፍ ፍርደ ገምድልነት ነው። ቀሪው ምክንያት ግን ክኒኑ ደጅ ላይ እያለም የማይዋጥበት ምክንያት ነው።

ስለዚህ በሽታ የተደረገው ክርክር ከሁለት ሺሕ ዓመት በላይ ዕድሜ አለው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ400 ዓመት ገደማ በግሪክ ተጽፎ በሂፖክራጠስ ስም ከሚታወቁት የሕክምና ድርሳናት አንዱ በዚያን ጊዜ «ቅዱሱ በሽታ» ይባል ስለነበረው ስለዚሁ በሽታ ነው። ደራሲው በሽታው ከሌሎች በሽታዎች የተለየ ቅድስና እንደሌለው፣ የሚነሣውም ከአንጎል እንደሆነ ይከራከራል። የዘመኑን ፈዋሾችም አይምርም፦ ታማሚው ሲሻለው ምስጋናው ለእነርሱ፣ ሲሞት ደግሞ ሰበቡ ለአማልክት ይሆናል ይላል። ይህን መጽሐፍ የሃይማኖት ጠላት አድርገው የሚያቀርቡት አሉ፤ ጨርሰው ያነበቡት አይመስለኝም። ደራሲው መለኮትን አልካደም። የሚለው፣ ማንኛውም በሽታ መለኮታዊም ሰብዓዊም ነው፣ እያንዳንዱ ግን የራሱ ተፈጥሮና የራሱ ምክንያት አለው ነው። ፈጣሪ ሁሉን ፈጥሮ ከሆነ አንጎልንም ሕመሙንም የሚሽርበትን ቅጠልም የፈጠረው እርሱ ነው፤ ስለዚህ የተፈጥሮ ምክንያትን መፈለግ ከፈጣሪ መራቅ አይሆንም። ደራሲው ስለ አንጎል የሰጠው ዝርዝር ዛሬ ብዙው አይያዝም፣ አክታ አንጎልን ዘጋው ይላል። የጥያቄው አነሣስ ግን እስከ ዛሬ ጸንቷል።

እዚህ ላይ አማኙ አንባቢ ተገቢ ተቃውሞ ያነሣል። በወንጌል እሳትና ውኃ ላይ የሚወድቀው ልጅ የተፈወሰው ርኩስ መንፈስ ተገሥጾለት አይደለም ወይ? የኛ አባቶች በክታብ ላይ ባርያና ሌጌዎን እያሉ የሚጠሯቸውን መናፍስት የሚቃወም ጸሎት የጻፉትስ በከንቱ ነው? ተቃውሞውን ማቃለል አይገባም፣ መልሱም ከዚያው ከመጽሐፉ ይገኛል። የማቴዎስ ወንጌል በምዕራፍ 4 ወደ ጌታ የመጡትን ሕሙማን ሲዘረዝር አጋንንት ያደሩባቸውን ለብቻ፣ በጨረቃ የሚነሣባቸውን ለብቻ፣ ሽባዎችን ለብቻ ይጠራል። አጋንንት ያደሩባቸውና በጨረቃ የሚነሣባቸው፣ ማለትም የሚጥል በሽታ ያለባቸው፣ አንድ ቢሆኑ ኖሮ ለይቶ መቁጠር ባላስፈለገ። በእስልምናም በኩል ኢብኑል ቀይም የተባለው የ14ኛው ክፍለ ዘመን ሊቅ መውደቅ ሁለት ዓይነት ነው፣ አንዱ ከመናፍስት፣ ሌላው ሐኪሞች ከሚነጋገሩበት የሰውነት ችግር የሚመጣ ነው ብሎ ከፍሏል። የመናፍስትን መኖር በፍጹም የሚያምነው ሰው እንኳ፣ እንግዲህ፣ የወደቀ ሁሉ መንፈስ ይዞታል እንዲል ከሃይማኖቱ የሚያስገድደው ነገር የለም። በቤተ ክርስቲያናችን ቀኖና ከመጻሕፍት የሚቆጠረው ሲራክ በምዕራፍ 38 ሐኪም እንዲከበር ያዛል፣ መድኃኒትን ከምድር ያወጣ እግዚአብሔር እንደሆነ፣ ብልህ ሰውም እንደማይንቀው ያስተምራል። ቅዱስ ባስልዮስ በ4ኛው ክፍለ ዘመን በቂሣርያ አጠገብ የሕሙማን ማረፊያ ያሠራ አባት ነው፤ ለመነኮሳቱ በጻፈው ሥርዓትም ሕክምናን ከእርሻ ጋር አመሳስሎ የእግዚአብሔር ስጦታ ነው ይላል፣ ተስፋን ሁሉ በሐኪም ላይ መጣልንም፣ ሐኪምን መሸሽንም አብሮ ይነቅፋል። «ጸበል ከገባህ ክኒን አትዋጥ» የሚለው ትእዛዝ ከነዚህ ከየትኛው እንደተቀዳ የሚነግረን አጥማቂ ቢኖር ጥሩ ነበር።

ትእዛዙ ግን አለ፣ ያጸናውም የዓይን ምስክር ነው። ሰው ክኒኑን ትቶ ሱባኤ ይገባል፣ ቀን ይቆጠራል፣ አይወድቅም፤ ይህን ያየው ቤተሰብ ቢያምን ምን ይፈረድበታል? እዚህ ላይ ፌኖባርቢታል በሰውነት ውስጥ የሚያደርገውን ማወቅ ያስፈልጋል። ይህ መድኃኒት ከደም የሚወጣው በጣም በዝግታ ነው፤ በአዋቂ ሰው ግማሹ እስኪወጣ ሦስት አራት ቀን ይፈጃል። የመጨረሻውን ክኒን እሑድ ማታ የዋጠ ሰው በቀጣዩ እሑድ ከመድኃኒቱ ሩብ ያህሉ ገና በደሙ ውስጥ አለ። እንግዲህ በሱባኤው የመጀመሪያ ቀናት ታማሚውን የሚጠብቀው የተወው መድኃኒት ነው። የሁለት ሳምንት ሱባኤ ሲያልቅ ግን ደሙ ውስጥ የቀረው እዚህ ግባ የሚባል አይደለም፤ ሰውየው «ድኗል» ተብሎ ወደ ቤቱ ሲመለስ ከለላው ያለቀበት ጊዜ ነው። እንዲያውም መድኃኒቱን ድንገት ማቆም በራሱ መንቀጥቀጥን ይቀሰቅሳል፤ ከአምስት ደቂቃ በላይ የሚቆይ ወይም ሰውየው ነፍሱን ሳያውቅ የሚደጋገም መንቀጥቀጥ ደግሞ ይገድላል። ቤት ገብቶ ሲወድቅ ቤተሰቡ ምን ይላል? «ከጸበሉ ስለወጣ ተመለሰበት» ይላል። መድኃኒቱ የሠራው ለጸበሉ ተቆጠረ፣ ክኒን መተዉ ያመጣው ጉዳት ደግሞ ከጸበል የመውጣት ሆነ። ማንም አልዋሸም፣ ሁሉም ያየውን ተናገረ፤ ሒሳቡ ብቻ ተገላበጠ።

በዚህ ላይ በሽታው ራሱ ለስሕተት የተመቸ ነው። የሚጥል በሽታ በጊዜ ልክ አይሄድም፤ በአንድ ወር አራት ጊዜ የጣለውን ሰው ቀጣዩን ሁለት ወር ሊተወው ይችላል። ቤተሰብ እቃውን ጠቅልሎ ጸበል የሚሄደው ደግሞ በሽታው በበረታበት ሰሞን ነው። ከበረታበት ሰሞን በኋላ ቀለል ያለ ሰሞን መምጣቱ፣ ጸበልም ቢኬድ ባይኬድም፣ የሚጠበቅ ነገር ነው። ከዚያ ምስክርነት አለ። የተሻለው ሰው ተነሥቶ ይመሰክራል፣ እልል ይባላል፣ ዛሬ ዛሬም በቪዲዮ ተቀርጾ በየስልኩ ይዞራል። ያልተሻለው ሰው ማይክሮፎን አይሰጠውም፤ መንገድ ላይ የሞተው ጨርሶ አይቆጠርም። የዳኑት ብቻ በሚቆጠሩበት ቦታ የማይፈውስ ነገር አይኖርም። ይህ የሃይማኖት ቦታዎች ብቻ ችግር እንዳይመስል፣ ለመድኃኒት ኩባንያ ያማረ ውጤት ብቻ ማሳተም የቆየ ፈተና ነው፤ ዘመናዊው ሕክምና ክኒኑን ከባዶ ክኒን ጋር አወዳድሮ፣ ለማን የቱ እንደተሰጠ ሐኪሙም ታማሚውም ሳያውቁ መመዘንን ሥርዓት ያደረገው ሐኪምም እንደማንም ሰው ራሱን ስለሚያታልል ነው።

«ስለዚህ ይከልከል» የሚሉ አሉ። አጥማቂው ሐኪም አይደለም፣ መንግሥት ጣልቃ ይግባ ይላሉ። ሕጉ በር አልዘጋም፤ የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 27 ንዑስ አንቀጽ 5 ሃይማኖትን የመግለጽ መብት የሕዝብን ደህንነት፣ ጤናና ትምህርትን የመሳሰሉትን ለመጠበቅ በሚወጣ ሕግ ሊገደብ እንደሚችል ይደነግጋል። ሰው በሰንሰለት ሲታሰር፣ «መንፈሱ ይውጣ» ተብሎ ሲደበደብ፣ ሕፃን ምግብ ሲከለከል ይህ አንቀጽ ሥራ ላይ መዋል አለበት፤ እዚያ ላይ የሚያከራክር ነገር የለም። ውኃውን፣ ጸሎቱን፣ መስቀሉን መከልከል ግን ሌላ ነገር ነው፣ ውጤቱም ከታሰበው ተቃራኒ ይሆናል። የናይጄሪያዋ የካኖ ግዛት ነገር እዚህ ላይ ያስተምራል። በ2003 እ.ኤ.አ. የካኖ የሃይማኖትና የፖለቲካ መሪዎች የፖሊዮ ክትባት ሴቶችን ያመክናል ብለው አስቆሙት። ከሩቅ ለሚያየው ድንቁርና ነው። ነገር ግን በዚያችው ካኖ በ1996 እ.ኤ.አ. የማጅራት ገትር ወረርሽኝ በበረታበት ጊዜ ፋይዘር የተባለው የመድኃኒት ኩባንያ በሕፃናት ላይ አዲስ መድኃኒት ሞክሮ ነበር፤ ቤተሰቦች ሙከራ መሆኑ አልተነገረንም ብለው ከሰሱ፣ ኩባንያውም በ2009 ከግዛቲቱ ጋር በካሣ ተስማማ። ፍርሃቱ መሠረት ነበረው፣ ያረፈበት ቦታ ግን ስሕተት ነበር። ክትባቱ በ2004 የቀጠለው መሪዎቹ ስለተሰደቡ ሳይሆን እነርሱ ከሚያምኑት አገር፣ ከኢንዶኔዥያ፣ የተመረተ ክትባት ስለመጣላቸው ነው። እስከዚያው ቫይረሱ አገር እያቋረጠ ሄዶ ነበር፤ ለዓመታት ከፖሊዮ ነጻ የነበረችው ኢትዮጵያም በ2004 መጨረሻ ከሱዳን በኩል ተመልሶ ገባባት።

የራሳችን አገር ምሳሌ ከካኖው ይበልጥ ቅርብ ነው። የኤች አይ ቪ መድኃኒት በነጻ መሰጠት በጀመረባቸው ዓመታት እንጦጦ ማርያም ጸበል ብዙ ታማሚ ተሰብስቦ ነበር፤ መድኃኒቱን የተዉም ነበሩ። የኤች አይ ቪ መድኃኒትን ማቋረጥ ቫይረሱን በሳምንታት ውስጥ ይመልሳል፣ መድኃኒቱን የሚቋቋም ቫይረስም ሊያስከትል ይችላል። በ1999 ዓ.ም. ፓትርያርኩ አቡነ ጳውሎስ ጸበልና መድኃኒት እንደማይጋጩ፣ ሁለቱንም አብሮ መውሰድ እንደሚቻል በአደባባይ ተናገሩ። ይህን ቃል ጤና ሚኒስቴር በፖስተር አንድ ሺሕ ጊዜ ቢለጥፈው የዚያን ያህል አይሰማም ነበር፤ ለጸበልተኛው የሚያሳስበው «ክኒኑ ይሠራል ወይ?» ብቻ ሳይሆን «ብውጠው እግዚአብሔርን አሳዝነዋለሁ ወይ?» ነበርና። ሁለተኛውን ጥያቄ የመመለስ ሥልጣን ያለው ሐኪም የለም። የመጀመሪያውን የመመለስ ሥልጣን ያለው አጥማቂም እንዲሁ የለም።

ጥቂት ዕውቀት ከሁለቱም ወገን ሲዋጣ ምን ያህል ጭቅጭቅ እንደሚቀር አንድ ትንሽ ነገር ላሳይ። ጸበል የሚጠጣው በባዶ ሆድ፣ በጠዋት ነው፤ ጠዋት ክኒን በውኃ የዋጠ ሰው «ገደፍኩ» ብሎ ይጨነቃል፣ አንዱን መምረጥም ያለበት ይመስለዋል። በረመዳንም የሚጾመው ሰው ያው ጭንቀት አለበት፣ ምንም እንኳ ቁርኣን በሽተኛ ጾሙን በሌላ ቀን እንዲያወጣ ቢፈቅድለት። ፌኖባርቢታል ግን ከደም ቀስ ብሎ ስለሚወጣ በቀን አንድ ጊዜ፣ ማታ መዋጥ ይበቃዋል። ቅድም ለስሕተት ምክንያት የሆነው ያው ጠባይ እዚህ መፍትሔ ሆነ። ሐኪሙ የጾም ሥርዓቱን ቢጠይቅ፣ ታማሚውም ጸበል መሄዱን ሳይደብቅ ቢናገር፣ ክኒኑ ወደ ማታ ይዛወርና ጠቡ ያልቃል። ታማሚው የሚደብቀው ስለሚቆጡት ነው። ካርድ ላይ በችኮላ እየጻፈ «ጸበል ምን ያደርግልሃል?» ብሎ የሚያንጓጥጥ ባለሙያ ስለ ታማሚው ማወቅ ያለበትን ዋና ነገር በገዛ አፉ ዘጋው። በአዲስ አበባ የአእምሮ ሐኪሞች በጸበል ቦታ ከአጥማቂዎች ጋር ተባብረው ታማሚ ያከሙበት ሥራ አለ፣ በምርምር መጽሔትም ታትሟል፤ ሊሆን ይችላል ወይ የሚለው ጥያቄ ስለዚህ ያለፈበት ነው።

ከአጥማቂ ጋር መሥራት የማይፈውሰውን ነገር ማጽደቅ ነው የሚል ሦስተኛ ተቃውሞ አለ፤ ከተቃውሞዎቹ ሁሉ ጠንካራው ይህ ይመስለኛል። ሐኪም ነጭ ጋውኑን ለብሶ ጸበል ቦታ ሲቆም ሕዝቡ «ሐኪሙም አመነ» ሊል ይችላል። አደጋው እውነተኛ ነው። ነገር ግን ተቃውሞው ሕክምና ብቻውን ለሰው ይበቃል ከሚል ግምት ይነሣል፣ የዚህ በሽታ ታሪክ ደግሞ ያንን ግምት አይደግፍም። በ1933 እ.ኤ.አ. የናዚ ጀርመን መንግሥት በዘር የሚተላለፍ በሽታን ለመከላከል ባወጣው ሕግ ውስጥ በግዳጅ እንዲመክኑ ከተዘረዘሩት መካከል በዘር የሚመጣ የሚጥል በሽታ ያለባቸው ሰዎች ይገኙበታል፤ በዚያ ሕግ በጠቅላላው ወደ 400,000 ሰው እንደመከነ ይገመታል። የፈረሙት፣ ቢላውን የያዙት ሐኪሞች ነበሩ፣ ያውም በዘመኑ በሕክምና ትምህርት አንደኛ ከሚባሉት አገሮች በአንዱ። በእንግሊዝ የሚጥል በሽታ ያለበት ሰው እንዳያገባ የሚከለክለው ሕግ የተሻረው በ1970 ነው። እነዚህ አገሮች በሽታው ከአንጎል እንደሚነሣ ያውቁ ነበር። ምክንያቱን ማወቅ የሰውየውን ክብር ማወቅ አልሆነላቸውም። በሌላ በኩል ቡኻሪ የዘገበውን ሐዲስ እንውሰድ፤ የነቢዩ ሙሐመድ ባልደረባ ኢብኑ ዐባስ ከጀነት ሰዎች አንዷን ላሳይህ ወይ ብሎ ያመለከተው የሚጥል በሽታ ያለባትን ጥቁር ሴት ነበር። ነቢዩ ብትታገሺ ጀነት አለሽ፣ ከፈለግሽም እንድትድኚ ዱዓ ላድርግልሽ ብለዋት፣ ትዕግሥቱን መርጣ ስወድቅ ገላዬ እንዳይገለጥ ብቻ ዱዓ ያድርጉልኝ አለች። በጎዳና ላይ የወደቀች ሴት ነጠላዋን የሚያስተካክልላት ሰው የምትፈልግበትን ስሜት ከዚህ በላይ የሚያስረዳ የሕክምና መጽሐፍ አላውቅም። ሐኪሙ ከሃይማኖት ጋር የሚሠራው ውኃው መንቀጥቀጥን ያቆማል ብሎ ለመመስከር አይደለም። ሰውየውን የሚያስጠጋው፣ የሚያበላው፣ «የተረገምክ አይደለህም» የሚለው አካል እዚያ ስላለ ነው፤ ያ አካል አፉን ሞልቶ «ክኒንህን እንዳትተው» እስካለ ድረስ የተፈራው ማጽደቅ አይመጣም። ካላለ ግን ሐኪሙ ጥሎ መውጣት አለበት። መደራደሪያ የሌለው አንዱ ነጥብ ይህ ነው።

የቀረው ትምህርት ቤት ነው፤ ሸክሙ የሚከብደውም እዚያ ይመስለኛል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 90 ትምህርት ከሃይማኖት፣ ከፖለቲካ አመለካከትና ከባህላዊ ተጽዕኖ ነጻ በሆነ መንገድ እንዲካሄድ ይላል። ይህን ብዙ ጊዜ የምንተረጉመው በዝምታ ነው፦ ስለ እምነት በክፍል ውስጥ አይነሣም፣ አለቀ። ልጁ ጠዋት ስለ ነርቭ ሥርዓት በባዮሎጂ ይማራል፣ ከሰዓት ጓደኛው ክፍል ውስጥ ሲወድቅ ተማሪው ሁሉ ወደ በር ይሮጣል፣ አንዳንዴ መምህሩም አብሮ። ያ ልጅ በማግሥቱ አይመጣም፤ ቤተሰቡም «ከሚያፍር ቤት ይቀመጥ» ይላል። የባዮሎጂው ትምህርትና በር ላይ ያለው ግፊያ በአንድ ጭንቅላት ውስጥ ሳይገናኙ አብረው ይኖራሉ፤ ያገናኛቸው የለምና። አመክንዮና ሂሳዊ አስተሳሰብ የሚባለው ኮርስ የሚሰጠው ዩኒቨርሲቲ ለገባ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ ነው፣ ከአገሪቱ ልጆች አብዛኞቹ ደግሞ እዚያ አይደርሱም። በፈላስፋው በዘርዐ ያዕቆብ ሐተታ መኩራት እንወዳለን፤ ጸሐፊው ራሱ ነው ወይስ የ19ኛው ክፍለ ዘመኑ ጣሊያናዊ ሚሲዮናዊ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ የሚለው ክርክር ገና አልተቋጨም። የማንም ይሁን፣ መጽሐፉ ውስጥ ያለው ሰው ይጸልያል፣ ይመረምራልም፤ እኛ ስሙን በሐውልት ልክ ስናነሣ ምርመራውን ለስድስተኛ ክፍል ተማሪ አላስተማርነውም።

ለማስተማር የሚያስፈልገው ከባድ ነገር አይደለም። የክብሪቱን ጥያቄ ለተማሪ አቅርቡለት፦ ክብሪት ሳይጫር የቆመ መንቀጥቀጥ ስንት ነው? ተጭሮም ያልቆመ ስንት ነው? ያልተሻላቸው ሰዎች የት ሄዱ? ይህን ጥያቄ የለመደ ልጅ የጸበልን ምስክርነትም፣ የቴሌቪዥን ማስታወቂያንም፣ «የስኳር በሽታን በሣምንት ያጠፋል» እያለ በመኪና ላይ በማይክሮፎን የሚለፍፈውንም በአንድ ሚዛን ይመዝናል። ይህ ልጁን ከሃይማኖቱ ያወጣዋል የሚል ሥጋት ያላቸው ወላጆች ይኖራሉ። ጥያቄው ግን ፈጣሪ አለ ወይስ የለም የሚል አይደለም፣ ይህ ሰው በምን ተሻለው የሚል ነው፤ ለዚህኛው መልስ ማንም እምነቱን አይከፍልም። ከዚህም ጋር መምህሩ አሥር ደቂቃ የማይፈጅ ሌላ ነገር ይጨምር፦ የወደቀን ሰው ወደ ጎኑ ማዞር፣ ከእሳትና ከስለት ማራቅ፣ ጭንቅላቱ ሥር ጋቢ ማድረግ፣ አፉ ውስጥ ማንኪያም ጣትም አለማስገባት፣ ሰዓት መመልከት፣ አምስት ደቂቃ ካለፈ ጤና ተቋም ማድረስ። መንካት አያስይዝም።

በ1999 ዓ.ም. ስለ ኤች አይ ቪ የተነገረው ቃል ስለ ሚጥል በሽታ መድኃኒትም ይነገር። ቅዱስ ሲኖዶስ፣ የእስልምና ጉዳዮች ጠቅላይ ምክር ቤትና የወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት መሪዎች አንዲት ግልጽ መመሪያ ለየአጥማቂው፣ ለየኢማሙና ለየአገልጋዩ ቢያወርዱ ይበቃል፦ ለጸሎት የመጣን የሚጥል በሽታ ታማሚ መድኃኒቱን እንዲያቆም ማዘዝ አይፈቀድም። ጤና ሚኒስቴር ደግሞ ሰው «እሺ፣ እውጣለሁ» ብሎ ጤና ጣቢያ ሲመጣ ክኒኑ እንዳይጠፋ ያድርግ።